«መጣሁ» ብሎ የወጣው ባለቤቴ በአካል እንዲቀርብ ስለ መጠየቁ

ለገበያ መልሶ ግንባታና ለተነሺ ነጋዴዎች ጉዳይ ጽሕፈት ቤት
ለክቡር ኃላፊው

ቀን፦ ሰኔ 3

አመልካች፦ የቀድሞው ገበያ ሱቅ ቁጥር 41፣ የጃንጥላና የሻንጣ ጥገና

ጉዳዩ፦ በሞት የተለየኝ ባለቤቴ ራሱ ቀርቦ ቁልፍ ካልተረከበ የመተኪያ ሱቃችን ለሌላ ይሰጣል የተባለው ተሽሮ፣ ሱቁ በሚስትነቴና በሥራዬ ለእኔ እንዲሰጠኝ ስለ መጠየቅ

ክቡር ሆይ፣

እኔ አመልካች በመልሶ ግንባታው ከተነሱት ነጋዴዎች አንዷ ነኝ። አዲሱ ሕንፃ ማለቁን፣ ቁልፍ የሚታደለውም የፊታችን ዓርብ መሆኑን ከማስታወቂያ ሰሌዳችሁ ላይ አንብቤያለሁ። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ነገር ግን በዚያው ሰሌዳ ላይ ከባለቤቴ ስም ትይዩ «በሁለት ጥሪ አልቀረበም፤ በሦስተኛውና በመጨረሻው ጥሪ ካልቀረበ መብቱን እንደተወ ይቆጠራል» ተብሎ ተጽፏል። ባለቤቴ ከሞተ ሁለት ዓመት አልፎታል። አሁን የምሠራበት መጠለያም ከዓርብ በኋላ እንደሚፈርስ ተነግሮናል፤ ሱቁን ካጣሁ እኔም አማቴም የምንበላው የለንም። ባለቤቴን ከተቀበረበት አስነስቶ ማምጣት ከአቅሜ በላይ ስለሆነ ጉዳዩን ከሥሩ ላስረዳ ተገድጃለሁ። ነገሩ ትንሽ ረዘም ይላል፤ ትዕግሥትዎን እለምናለሁ። አጭሩን መስኮት ሦስት ላይ ደጋግሜ ተናግሬው አልተሰማልኝም።

1. ስለ ሱቁ

ሱቅ ቁጥር 41ን ባለቤቴ ከማዘጋጃ ቤቱ የተከራየው ከመጋባታችን በፊት ነው። ከተጋባን በኋላ እኔም ገባሁበት። ከጥበቱ የተነሳ አንዳችን ለመውጣት ሌላችን በጎን መቆም ነበረብን፤ ተኳርፎ መዋል የማይቻልበት ቦታ ቢኖር እሱ ነው። እሱ ጃንጥላ ይጠግናል፤ እኔ የሻንጣ ዚፕ፣ እጀታና ጎማ እቀይራለሁ። የኋላውን ግድግዳ ሰማያዊ ቀባና ከጣሪያው ሥር ሦስት ትላልቅ ምስማሮች መታበት፤ የተጠገኑት ጃንጥላዎች ባለቤቶቻቸው እስኪመጡ እዚያ ይሰቀላሉ። ገበያው ሁሉ «ባለ ጃንጥላው» ይለው ነበር። የመዝገብ ስሙን በዚህ ማመልከቻ ላይ አልደግመውም፤ በድምፅ ማጉያችሁ የተጠራው ይበቃዋል። ኪራዩንም ግብሩንም አብረን ሠርተን ነው የምንከፍለው፤ ደረሰኙ ግን በእሱ ስም ይቆረጣል። ይህ ነገር አንድ ቀን ጉድ ያፈላል ብሎ ማን አሰበ።

2. ስለ ገበያው አነጋገር

ይህን ነጥብ የሕግ ክፍላችሁ «ከጉዳዩ ጋር አይገናኝም» ብሎኛል። ከሁሉም በላይ የሚገናኘው ግን ይኸው ነው። በእኛ ገበያ «የለም» አይባልም። ዕቃ ካለቀ «ነገ ይገባል» ነው። ሰው ከሌለ ደግሞ «አለ፤ መጣ» ነው። ባለሱቁ ሽንት ቤት ይሂድ ባንክ፣ ታሞ ይተኛ፣ ሚስቱ ትውለድበት፣ ጎረቤቱ ለጠየቀ ሁሉ «አለ፤ መጣ፤ አረፍ ይበሉ» ይላል። «የለም» ያሉት ደንበኛ ዘወር ብሎ ይሄዳል፤ ሁለተኛም አይመለስ። ይህን ማንም አላስተማረንም፤ አፋችን ነው የለመደው።

ክቡርነትዎ እንደሚያውቁት «መጣ» ስንል መጥቷል ማለታችን አይደለም። ገና ነው፣ ጠብቁት ማለታችን ነው። ከቤት ስንወጣም «መጣሁ» ብለን ነው የምንወጣው። ጀርባችንን ሰጥተን እየሄድን መጣሁ እንላለን፤ የሚሰማንም ሰው ግር አይለው።

3. ስለ ባለቤቴ አሟሟት

በዚያ ቀን ከሰዓት በኋላ አንድ ጥቁር ጃንጥላ ጠረጴዛው ላይ ዘርግቶ አንዱን ዘንግ ሊያስር ሲል ቀጭን ሽቦ አለቀበት። ተነሳ። በጎን ቆምኩለት። «መጣሁ» አለኝና ወጣ። ቀና ብዬ እንኳ አላየሁትም፤ የሻንጣ ዚፕ በጥርሴ ይዤ ነበር። ሽቦውን ገዝቶ ሲመለስ መድኃኒት ቤቱ ደረጃ ላይ አረፍ አለ፤ ከዚያ አልተነሳም። ሐኪሞቹ ልብ ነው አሉ። ሽቦውን እጁ ላይ እንደተጠቀለለ ነው ያገኘሁት። የሞት ምስክር ወረቀቱን ከዚህ ጋር አያይዣለሁ፤ የጎደለው ማኅተም የለም።

ጎረቤቶቼ ሱቃቸውን ዘግተው ቀበሩት፤ አብረውኝ አለቀሱ። ሱቁን መልሼ በከፈትኩ ዕለት አንድ ሰውዬ ጃንጥላ ይዞ መጣና «ባለ ጃንጥላው የለም እንዴ?» አለ። ከጎኔ አዝራርና ክር የምትሸጠው፣ ሁላችንም «እትዬ አዝራር» የምንላት፣ ዓይኗ ገና በለቅሶ እንዳበጠ «አለ፤ መጣ» አለችው። ከዚያ አፏን በእጇ ያዘች። አየችኝ፤ አየኋት። ሰውዬው ቆሞ ሲጠብቅ ጃንጥላውን ከእጁ ተቀብዬ እኔው ጠገንኩለት። ከዚያ ወዲህ ጃንጥላውንም የምጠግነው እኔ ነኝ። የዚያን ቀኑን ጥቁር ጃንጥላ ብቻ አልነካሁትም። ባለቤቱ ሊወስደው አልመጣም፤ ሽቦውም ከጎኑ እንደተቀመጠ ነው።

4. ስለ ቆጠራው

የቆጠራ ቡድናችሁ በመጣ ጊዜ ሻንጣ ላደርስ ወጥቼ ነበር። ሁለት ናቸው አሉ፤ አንዱ ሜትር፣ ሌላው ወረቀት ይዘዋል። በሩን ክፍት፣ ጠረጴዛው ላይ ሥራ ተዘርግቶ አገኙ። «ባለሱቁ የታል?» አሉ። እትዬ አዝራር አዝራር እየለየች ነበርና ቀና ሳትል «አለ፤ መጣ!» አለች። «ስሙ ማን ይባላል?» አለ ባለ ወረቀቱ። ደረሰኙ የሚቆረጠው በእሱ ነውና የባለቤቴን ስም ነገረችው። እዚህ ጋ ፈርሚ ሲላት ለልኬቱ ምስክር የምትሆን መስሏት ፈረመች፤ መነጽሯንም አላደረገችም ነበር። የተጻፈውን በኋላ መስኮት ሦስት ላይ አሳዩኝ። «ባለሱቁ በሥራ ላይ ነው፤ በቆጠራው ወቅት በአካል መጥቷል» ይላል።

ቆጣሪው ተንኮል አስቦ ነው አልልም። ከማለዳ ጀምሮ ከሱቅ ሱቅ ሲዞር የዋለ ሰው ነው። እሷ «መጣ» አለች፤ እሱ ለጽሑፍ እንዲያምር «መጥቷል» አለው። ባለቤቴ በሞተ በዓመቱ መንግሥት ፊት የቀረበው በዚህ ዓይነት ነው።

5. ስለ መጠለያው

ገበያው ከፈረሰ ወዲህ በሰጣችሁን የቆርቆሮ መጠለያ እየሠራን ነው። ሲዘንብ አያነጋግርም፣ ፀሐይ ሲወጣ ይጠብሳል ከማለት በቀር ቅሬታ የለኝም። ችግሬ ሌላ ነው። የሚለያየን ስስ ቆርቆሮ ስለሆነ ጎረቤት የሚናገረው ሁሉ ይሰማል። ደንበኛ ሲመጣ ከቆርቆሮው ማዶ «አለ፤ መጣ» ይሉታል። በድሮው ሱቅ ይህን ስንት ጊዜ ሰምቼ ከቁም ነገር አልቆጠርኩትም። እዚህ ግን እጄ ይቆማል። የእግሩን ድምፅ እጠብቃለሁ፤ ቀኝ እግሩን ትንሽ ይጎትት ነበር። ሞኝነት መሆኑን አውቃለሁ። አንድ ቀን ግን ከወንበሬ ተነስቼ በጎን ቆሜ ራሴን አገኘሁት፣ ሰው እንዲያልፍ ቦታ ለቅቄ። የገባ ሰው አልነበረም። መጠለያው ደግሞ ሰፊ ነው፤ ማንም በጎን መቆም አያስፈልገውም።

ወደ ጽሕፈት ቤትዎ ስመላለስ የማልፈው በአሮጌው ገበያ አጥር ሥር ነው። አዲሱ ሕንፃ የቆመው በፊት ለፊቱ በኩል ነው፤ የእኛ ሱቅ የነበረበት ጎን ለመኪና ማቆሚያ ተቆፍሮ እስካሁን ጉድጓድ ነው። የሱቃችን የኋላ ግድግዳ የጎረቤት መጋዘን ግድግዳ ስለነበረ አልፈረሰም። ሰማያዊው ቀለም ከጉድጓዱ በላይ፣ ወለልም ጣሪያም ሳይኖረው፣ አየር ላይ ቀርቷል። ምስማሮቹም አሉ። ባለፈው ሳምንት ከአንዱ ላይ ጥቁር ነገር ተሰቅሎ አየሁ። ነፋስ ያመጣው ላስቲክ ነው። ላስቲክ መሆኑን እስክለይ ግን ከአጥሩ ሥር ቆሜ ቀረሁ። ፈርቼም ነበር፤ ደስ ብሎኝም ነበር፤ የትኛው እንደሚበልጥ አላውቅም።

6. በጽሕፈት ቤቱ ስላጋጠመኝ

መስኮት ሦስት ያለችው ወጣት ክፉ ልጅ አይደለችም። የሞት ወረቀቱን ስሰጣት «ነፍሳቸውን ይማር፣ እናቴ» አለችኝ። ከዚያ ኮምፒውተሯን አየችና «ግን እኮ በቆጠራው መጥተዋል ይላል» አለች።

«ልጄ፣ ከሞተ በኋላ ነው የመጣው?» አልኳት።

«እኔ የማየውን ነው የምነግርዎት» አለች፤ ድምፅዋ ዝቅ አለ። ወደ ስክሪኑ ደግማ ስታይ እሷም ትንሽ የፈራች መሰለኝ።

የሕግ ክፍሉ ባለሙያ ነገሩን ሁለት መንገድ አድርገው አስቀመጡልኝ። ባለቤቴ በሕይወት ካለ ራሱ ቀርቦ ይፈርማል፤ ውክልና አይቻልም። ሞቷል ካልኩ የቆጠራው ቃል ሐሰት ነው፤ ሐሰት ከሆነ የሱቅ 41 ምዝገባ ይሰረዛል፣ በሐሰት የመሰከረችውም ነጋዴ የራሷን ሱቅ ታጣለች። «እንግዲህ ያስቡበት» አሉኝ። አሰብኩበት። ሞቷል ብዬ ሱቄን ልጣና እትዬ አዝራርንም ሜዳ ላይ ልጥላት ነው፤ አለ ብዬም ሱቁን ላጣው ነው። ከዚህ የሚመረጥ ካለ ክቡርነትዎ ይምረጡልኝ።

በዚህ መሃል ስልኩ ጮኸ። በመዝገባችሁ ያለው የእሱ ቁጥር ነው፤ ደንበኞች የሚያውቁት ስለሆነ አልዘጋሁትም፣ ቦርሳዬ ውስጥ ይዤው እዞራለሁ። ከጽሕፈት ቤትዎ ነው። ስሙን ጠርተው «እሳቸውን ማግኘት ይቻላል?» አሉ። የለም ልል አፌን ከፈትኩ። የወጣው ግን «ወጣ ብሏል» የሚል ነው። «ሲመለሱ ዓርብ እንዲቀርቡ ይንገሯቸው» ብለው ዘጉ። እሺ ብያለሁ።

7. ስለ እናቱ

አማቴ ከእኔ ጋር ነው የሚኖሩት። ዓይናቸው ደክሟል፤ ጆሯቸው ግን ከእኔ ይሻላል። በመጀመሪያው ጥሪ ዕለት አንድ የሰፈር ሰው ሮጦ ሄዶ «ልጅዎን በማይክ ሲጠሩት ሰማሁ» ይላቸዋል። ወሬ ለማድረስ የማይደክም ሰው ነው። ከሥራ ስመለስ የክት ልብሳቸውን ለብሰው በር ላይ ተቀምጠዋል።

«እማማ፣ ምነው?»

«ጠሩት አሉ» አሉኝ። «መንግሥት ዝም ብሎ ሰው አይጠራም። የሚያውቁት ነገር ቢኖር ነው።»

አፈር ሲለብስ አጠገቡ ቆመው ነበር፤ ይህን አልረሱትም። አሁን ግን በሩን ልቆልፍ ስል «ተዪው፣ ይገባል» ይሉኛል። ምን ልበላቸው? መንግሥትና እናት ተስማምተውብኛል። በሩን ሳልቆልፍ እተኛለሁ።

8. ስለ ሁለተኛው ጥሪ

በሁለተኛው ጥሪ ዕለት አዳራሹ ውስጥ ነበርኩ። ማይክ የያዘው ልጅ ጥሩ ድምፅ አለው፤ ቃል አያኝክም። የባለቤቴን ስም ከነአባቱ ጠራ። አንገቴን ደፋሁ። ደግሞ ጠራ። ያኔ ከኋላ «አለ፤ መጣ!» የሚል ሰማሁ። እትዬ አዝራር ናት። ቀጥለው ቢላ የሚሞርዱት ሽማግሌ፣ ጋሼ ሞረድ የምንላቸው፣ «መጣ፣ መጣ» አሉ። ከዚያ የእኛ መስመር ሰው በሙሉ። ሱቄ እንዳያመልጠኝ ብለውም ይሆናል፤ ብዙዎቹ ግን ያሰቡበት አይመስለኝም። ስሙ ሲጠራ የመለሰው አፋቸው ነው። ልጁም ማይኩን ዝቅ አድርጎ ጠበቀ።

ክቡር ሆይ፣ አዳራሹ ሞልቶ የነበረው ሰው ሁሉ ዞሮ በሩን አየ። ገላውን ያጠብኩት እኔ፣ ሲቀበር ያየሁት እኔ፣ እኔም ዞሬ በሩን አየሁ። በሩ ክፍት ነበር፤ ከውጭ የሚገባው ብርሃን ብቻ ነው የሚታየው። ጋሼ ሞረድ ራሳቸውን ይዘው ቁጭ አሉ። እትዬ አዝራር ተንሰቅስቃ አለቀሰች። ልጁ «አልቀረበም» አለና ወደሚቀጥለው ስም አለፈ። ለእኔ ያኔ ነው ለሁለተኛ ጊዜ የሞተብኝ፤ ዓርብ ደግሞ ሦስተኛው ሊመጣ ነው።

9. ስለ መብቴ

ከመነሳታችን በፊት በታደለን መመሪያ መተኪያ ሱቅ የሚሰጠው «በሱቁ ሲሠራ ለቆየ ነጋዴ፣ በሞት ከተለየም ለትዳር ጓደኛው ወይም ለወራሹ» ነው ይላል። የጻፋችሁት እናንተ ናችሁ። የትዳር ጓደኛው እኔ ነኝ። በሱቁ ሲሠራ የቆየውም እኔ ነኝ፤ ቆጣሪዎቹ ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቶ ያገኙት ሥራ የእኔ እጅ ሥራ ነው። መመሪያው በምዝገባ ላይ ስህተት ቢገኝ ይታረማል ይላል እንጂ ሰው ይነቀላል አይልም። ቃሉ ሳይሰማ ሱቁን የሚያጣ ነጋዴ እንደማይኖርም በስብሰባው ላይ ራስዎ ተናግረዋል። ከፊት ወንበር ነበርኩ፤ አጨብጭቤልዎታለሁ።

እትዬ አዝራርም አልዋሸችም። ባለፈው ማክሰኞ ከቢሮዎ በር ላይ «ኃላፊው አሉ?» ብዬ ስጠይቅ ጸሐፊዎ «አሉ፤ መጡ፤ ይቀመጡ» አለችኝ። እስከ ምሳ ሰዓት ተቀመጥኩ፤ ከምሳ በኋላም ተቀመጥኩ። አልመጡም። በሐሰት መሰከረችብኝ ብዬ ግን አልከሰስኳትም። ምን ማለቷ እንደሆነ ገብቶኛል። ለእትዬ አዝራርም የምለምነው ይህንኑ ነው።

ስለዚህ፦

ሀ) በቆጠራው «በአካል መጥቷል» የተባለው በተያያዘው የሞት ምስክር ወረቀት መሠረት እንዲታረም፤

ለ) ስህተቱ የአነጋገር መሆኑ ተመዝግቦ በእትዬ አዝራር ላይ እንደ ሐሰት ምስክርነት እንዳይቆጠር፣ ሱቋም እንዳይነካ፤

ሐ) የሱቅ 41 መተኪያ በስሜ ተዛውሮ ቁልፉን ዓርብ እንድረከብ፤ የመጀመሪያ ሥራዬ ያንን ጥቁር ጃንጥላ ማሰር ይሆናል።

አንድ ልመና ይቀረኛል፤ ይህኛው በመመሪያው ውስጥ የለም። ይህን ማመልከቻ ስጀምር የባለቤቴ ስም ዓርብ እንዳይጠራ ልጠይቅ ነበር። ሳስበው ግን እናቱ በር ላይ ተቀምጠዋል፤ የእኔም ጆሮ ከቆርቆሮው ማዶ ነው። በዝምታ ከታለፈ ለእኛ አያልቅም። ስለዚህ ይጠራ። እናቱን ደግፌ ይዤ እመጣለሁ። የመስመራችንን ሰዎች ዝም እንዲሉልኝ ለምኛቸዋለሁ፤ እትዬ አዝራርም «በራሴ ክር አፌን እሰፋዋለሁ» ብላኛለች። አዳራሹ ጸጥ ሲል ያ ልጅ በዚያ በሚያምር ድምፁ «የለም» ይበል። «አልቀረበም» ሳይሆን «የለም»። ሁለት ዓመት ሙሉ ማንም ያላለልኝን፣ እኔም ልለው ያቃተኝን ቃል ጽሕፈት ቤትዎ ይበልልኝ።

ቀጥሎ የእኔን ስም ይጥራ። አለሁ ብዬ እመጣለሁ።

መልስዎን በትሕትና እየጠበቅሁ፣ ከአክብሮትና ከሰላምታ ጋር

(ፊርማ)
የባለ ጃንጥላው ሚስት
ዓርብ የሚጠራው ስሜ በተያያዘው የጋብቻ ወረቀት ላይ በግልጽ ተጽፏል

አባሪ፦ የሞት ምስክር ወረቀት፣ የጋብቻ ምስክር ወረቀት
ግልባጭ፦ ለተነሺ ነጋዴዎች ኮሚቴ፤ ለእትዬ አዝራር (መነጽሯን አድርጋ አንብባዋለች)